የባጃጅ ሌዘር ጃኬት

ባለፈው ሳምንት ድሬዳዋ፣ ከዚራ ሰፈር፣ ፀሐይ ላይ የቆመ ባጃጅ ውስጥ ገብቼ ስቀመጥ የጋለው ወንበር ለበለበኝ። የሌዘሩ ሽታ አፍንጫዬን ሲመታው አዴ ዘሃራ ትዝ አለችኝ። ሾፌሩ "አቦ ትንሽ ብድግ በይ፣ ይበርዳል" ቢለኝም አልተነሳሁም።

አዴ ዘሃራ የሰፈራችን የባጃጅ ወንበር ሰፊ ነበረች። "አዴ" እኛ ዘንድ እንደ እትዬ ነው፤ ድሬ ላይ ግን አንቱታ ብዙም አይዘወተርምና ሕፃን ሽማግሌው "አንቺ" ነበር የሚላት። ከሰዓት በኋላ ከተማው በሙቀት ተሸንፎ በሩን ዘግቶ ሲተኛ የእሷ የስፌት መኪና ብቻ ይሰማል። "አንቺ ሴትዮ አትተኚም?" ሲሏት "ፀሐይዋ ተኝታለች እንዴ?" ትላለች።

ያኔ ስለ ተዋጊ አውሮፕላን አብራሪዎች የሚያወራ አንድ የድሮ የአሜሪካ ፊልም ቪዲዮ ቤቶቹን ተቆጣጥሯቸው ነበር። ፊልሙ በዕድሜ ይበልጠናል። ሲዲው ከመጫጫሩ የተነሳ አውሮፕላኖቹ አየር ላይ ቀጥ ብለው ይቆማሉ፤ እኛም ትንፋሻችንን ይዘን እንጠብቃቸዋለን። የሰፈሩ ጎረምሳ ሁሉ ጥቁር መነጽር አጠለቀ፤ ባጃጆች ጎናቸው ላይ ክንፍ አሳሉ። የቀረው አብራሪዎቹ የሚለብሱት ጃኬት ነበር። በድሬ ሙቀት ሌዘር ጃኬት! ማን ነጋዴ አምጥቶ ይከስራል? ስለዚህ ወደ አዴ ዘሃራ ሄዱ፤ እሷም ከባጃጅ ወንበር ሌዘር ሰፋችላቸው። ለብሰው ከዚራን ዞረው ሲመለሱ እንደ ድስት ክዳን ያንጠባጥቡ ነበር።

ስድስተኛ ክፍል ሳለሁ የትምህርት ቤታችን ድራማ ክበብ ለወላጆች ቀን የአብራሪዎች ድራማ ሊሠራ ተነሳ። እኔ ዋናውን አብራሪ መሆን ፈለግኩ። ፈለግኩ ስል እንዲሁ አይደለም፣ እንቅልፍ አጥቼ ነበር። ነቢል የሚባል የክፍላችን ልጅ "ሴት አብራሪ የት አይተሽ ታውቂያለሽ?" አለኝ፤ የክበቡ መምህርም ሳቀ። ጃኬቱን እንድትሰፋ የታዘዘችው አዴ ዘሃራ ስለነበረች እያለቀስኩ እሷ ዘንድ ሄድኩ። ሰማችኝ፤ አላባበለችኝም።

ጃኬቱን ስትጨርስ ራሷ ይዛው ትምህርት ቤት መጣች። "ወላሂ የሰፋሁትን እኔ አውቀዋለሁ፣" አለችው መምህሩን። "ወንድ ሴት አትበሉ አቦ። ድራማው እስኪያልቅ ዚፑን ያልከፈተ፣ እሱ ያብርር።"

ልምምዱ ሜዳው ላይ ነበር። ነቢል ግማሽ እንኳ ሳይደርስ ዚፑን ከፈተው። ሁለተኛው ልጅ "ውሃ ልጠጣ" ብሎ እንደወጣ ቀረ። ተራው የእኔ ሆነ። ሌዘሩ ጀርባዬ ላይ ተለጠፈ፤ ላቡ ዐይኔን አቃጠለኝ፤ የምናገረው ሊጠፋኝ ሲል አዴ ዘሃራን አየኋት። ዛፉ ጥላ ሥር ባዶ ቦታ እያለ እሷ ፀሐይ ላይ ቆማ ታየኛለች። ዚፑን አልነካሁትም።

በወላጆች ቀን እኔ አበረርኩ። አባቴ "የኔ ናት፣ የኔ ልጅ ናት" እያለ አጠገቡ የተቀመጡትን ሲያስቸግር ዋለ። ከመድረክ ስወርድ ከአዴ ዘሃራ ምርቃት ጠበቅኩ። ጃኬቱን ከላዬ ላይ ላጠችልኝ፤ "ጎበዝ" እንኳ አላለችም። "ነገም ይሞቃል" አለችኝና ወደ ሥራዋ ሄደች። ያን ቀን በጣም ተቀየምኳት።

አውሮፕላን አብራሪ አልሆንኩም። በድሬና በጅቡቲ መካከል ከባድ መኪና እነዳለሁ። አዴ ዘሃራ ሱቋንም የስፌት መኪናዋንም ለልጆቿ ትታ አረፈች፤ ለእኔ የደረሰኝ ያ የተቀየምኩበት ቃል ነው። መጀመሪያ ሥራ ስጠይቅ ባለመኪናው መንጃ ፈቃዴን ሳያይ "ለሴት ይከብዳል እህቴ" ብሎ መለሰኝ። ቤቴ ገብቼ አለቀስኩ። በማግስቱ ጠዋት ሄጄ የባለመኪናው በር ላይ ቆምኩ።

"ዛሬም መጣሽ?" አለኝ።

"ነገም እመጣለሁ" አልኩት።