እንግዳ ይቅደም

ባለቤቴ በእኔ ከምታፍርባቸው ነገሮች አንዱ በር ላይ የማደርገው ነው። ሰው ቤት ተጠርተን ስንሄድ ከደጃፉ ላይ «ይቅደሙ» ይሉኛል፤ እኔም እቀድማለሁ። «የለም፣ እርስዎ ይቅደሙ» የለ፣ «ኧረ በእግዜር» የለ፣ ሰተት ብዬ ነው የምገባው። ከኋላዬ ሽማግሌ ቢኖርም ቄስ ቢኖርም ቀዳሚው እኔ ነኝ። ቤት ስንመለስ «ምን ዓይነት ሰው ነህ፣ አሳዳጊ የለህም እንዴ?» ትለኛለች። ነበረኝ እንጂ። እኔ የተወለድኩባት የዋግ ደሃና ሰው ልጁን ሥርዓት ሳያስተምር ከደጁ አያስወጣም። እንዲያውም ነገሩ ሁሉ የመጣብኝ ሥርዓት ከማወቄ ነው። ለእሷ እስከ ዛሬ ደፍሬ አልነገርኳትም፤ እዚህ ላይ ግን ልጻፈው።

በጃንሆይ ጊዜ ነው። ሰቆጣ ትምህርት ቤት እንግሊዝኛ አስተምር ነበር። ዕድሜዬ ሃያ አራት፣ ኮቴ አንድ፣ ክራባቴም አንድ። ከተማው ውስጥ ከእኔ ሌላ የፈረንጅ አፍ የሚያውቅ የለም እየተባለ ይወራልኝ ነበር። ወሬው ተጋኗል፤ እኔ ግን አላስተባበልኩም። አንድ ቀን ከአውራጃው ጽሕፈት ቤት ተጠራሁ። ጸሐፊው ከወረቀቱ ቀና ሳይል፣ አንዲት ሴት ፈረንጅ ከኮረም በበቅሎ መጥታለች፣ አገር ማየት ትፈልጋለች፣ ነገ ጠዋት ይዘሃት ሂድ አለኝ። ገደሉ ላይ ያለችውን ቤተ ክርስቲያንና ከእሷ ደጅ ሆኖ የሚታየውን ቆላ አሳይቼ ሳይመሽ እንድመልሳት ነው። ከዚያ ቀና አለና፣ ጭረት እንዳይነካት፣ ተጠያቂው አንተ ነህ ብሎ ዓይን ዓይኔን አየኝ። እሺ አልኩ። ሌላ ምን ይባላል?

እዚህ ላይ መናዘዝ አለብኝ። እኔ ገደል እፈራለሁ። የዋግ ልጅ ገደል ፈራ ማለት የባሕር ዳር ልጅ ውሃ ፈራ እንደ ማለት ነው፤ ሰው ቢሰማ ይስቅብሃል። በልጅነታችን እኩዮቼ አፋፉ ላይ ተቀምጠው እግራቸውን ወደ ታች ሲያወዛውዙ፣ እኔ ከሩቅ ቆሜ መዳፌን ያልበኝ ነበር። ፈሪ ውሃ ውስጥ ያልበዋል ያሉት እኔን አይተው መሆን አለበት። ከቄስ ትምህርት ቤት ወደ ዘመናዊው የሸሸሁት እንኳ የኔታ ዘንድ የሚያደርሰው መንገድ ገደል ለገደል ስለሆነብኝ ነው። አገሬው ግን ዕውቀት ጠምቶት ነው አለ፤ አባቴም በዚያ ኮራ። ያንን ስም ተሸክሜ ነው እንግዲህ በማግስቱ ጠዋት ከፈረንጅዋ ጋር የወጣሁት።

ሴትዮዋ የእናቴ እኩያ ትሆናለች። በዕድሜዋ አንቱ ማለት ይገባኝ ነበር፤ ያን ጊዜ ሁላችንም ፈረንጅን እሷ ማለት ለምዶብን ነው፣ ይቅር ትበለኝ። ፀጉሯ ነጭ፣ ጫማዋ የወታደር ጫማ የሚያህል፣ አንገቷ ላይ ትንሽ የማስታወሻ ደብተር በክር አንጠልጥላለች። መሪያችን የዚያችው ቤተ ክርስቲያን ቄስ ነበሩ፤ በዋዜማው ገበያ ውለው፣ ከተማ አድረው ወደ ደብራቸው ሲመለሱ ነው ያገኘናቸው። አገሯ የት እንደሆነ ጠየቁኝ። አውስትራሊያ አልኳቸው። «ከኢየሩሳሌም ወዲህ ነው ወዲያ?» አሉ። ወዲያ ነው፣ በጣም ወዲያ ነው አልኳቸው። አዘኑላት።

መንገድ ላይ አረፍ ስንል ከቦርሳዋ የአገሯን ፎቶግራፎች አወጣች። አንዱ ላይ ባሕር ከገደል ጋር ይላተማል፤ አንዱ ላይ ሰማያዊ ተራራ ተደርድሯል። ከገደሉ አፋፍ የብረት አጥር አለ፤ ሰዎች ተደግፈውት ይስቃሉ። እዚያ አገር ጎብኚ ሲመጣ መሪው ከፊት ከፊት እየሄደ፣ ይህን ድንጋይ ርገጥ ያንን ተው እያለ፣ ግማሽ ቀን አዙሮ ይመልሰዋል አለችኝ። ቄሱ ፎቶግራፉን ጠጋ አድርገው አዩና አጥሩ ምን ሊሠራ እንደቆመ ጠየቁ። ሰው እንዳይወድቅ ነው ስላቸው ሳቁ። አጥር ካለውማ ምኑን ገደል ሆነ አሉ። እኔ አልሳቅሁም። ያንን አጥር ነቅዬ ወደ ዋግ ባመጣው ደስ ባለኝ።

ሩቅ ነው ወይ ብዬ ቄሱን ጠየቅኋቸው። «ኧረ እዚችው ናት» አሉኝ። አንድ ሸንተረር ወጣን፣ ወረድን፤ አሁንም እዚችው ናት። በእኛ አገር መንገደኛን ሩቅ ነው አይሉትም፣ ጉልበቱን ይሰብረዋል። ይህን እያወቅሁ ቅርብ ነው ብዬ ተረጎምኩላት። አራት ሰዓት ያህል ሄድን። በቅሎዋን ከአንድ ገበሬ ደጅ አስረን በእግራችን ቀጠልን። ከዚያ መንገዱ ጠበበ፣ ጠበበና ከገደሉ ወገብ ላይ እንደ መደብ ያለ ቀጭን እርከን ሆኖ ቀረ። በስተቀኝ ግንብ የሚመስል አለት፣ በስተግራ ምንም። እንዳላይ ምዬ ነበር፤ አየሁ። ከታች ያለው ግራር የጎመን ችግኝ አክሏል። ቁርስ በልቻለሁ፣ ቤተ ክርስቲያን አልገባም ብዬ ከዚህ ልቅር ይሆን እያልኩ አሰብኩ፤ ጦሜን መውጣቴን ግን መንገድ ላይ ለቄሱ ነግሬያቸዋለሁ።

እርከኑ ከአንድ ኩርባ ላይ ተገምሷል። በተገመሰው ላይ ሁለት የወይራ ግንድ ተጋድሟል፣ ርዝመቱ አራት እርምጃ ቢሆን ነው። ቄሱ መቋሚያቸውን ትከሻቸው ላይ አድርገው የቤታቸውን ደፍ እንደሚያልፉ አለፉት። እኔና ሴትዮዋ ወዲህ ቀረን።

አየችኝ። ቅደምና እግርህ የት እንደሚያርፍ ልይ አለችኝ። ግንዶቹን ሳይ ግንዶቹ ሳይሆኑ በመካከላቸው ያለው ክፍተት ነው የሚታየኝ። ላብ በጀርባዬ ይወርዳል፣ ነፋሱ ግን ብርድ ነው። በዚያ ሰዓት ሥርዓቴ ደረሰልኝ። ደረቴን ነፋ አድርጌ፣ በክፍል ውስጥ በማስተምርበት ድምፅ፣ በአገራችን እንግዳ እያለ ባለ አገር አይቀድምም አልኳት። ውሸት አይደለም፣ አንድ ቃል እንኳ ውሸት የለበትም። እጇን ደረቷ ላይ አደረገች። በእናንተ ቋንቋ ምን ይባላል ብላ ጠየቀችኝ። «ይቅደሙ» አልኳት። ደብተሯን ገልጣ ጻፈችው፣ ሁለት ጊዜ አለችው። ከዚያ ፈገግ ለማለት ሞከረችና ወደ ግንዱ ዞረች።

እግሯን ስታነሳ ቄሱ ከማዶ ጮኹልኝ። «ቀኙን ትርገጥ በላት! የግራው ይዞራል!»

ሰማሁ። በደንብ ሰማሁ። ቀኝና ግራን በእንግሊዝኛ በየሳምንቱ ልጆቹን እጅ እያስነሳሁ የማስተምር ሰው ነኝ። አፌን ከፈትኩ፣ አፌ ኩበት ሆኗል። ቃሉን ፈለግሁት፤ የለም። የሁለቱም ቃል የለም። ጀርባዬን ከአለቱ ላይ ለጥፌ እንደ ዓሣ አፌን ስከፍትና ስዘጋ፣ እሷ የግራውን ረገጠች።

ግንዱ ዞረ። ጫማዋ አዳለጣትና አንድ እግሯ በሁለቱ ግንዶች መካከል እስከ ጭኗ ገባ። በደረቷ ወደቀች። አልጮኸችም። ደብተሯ በክሩ ተንጠልጥሎ ከገደሉ በላይ ወዲያ ወዲህ ይላል፤ እኔ ደብተሩን ነው የማየው። ቄሱ በጉልበታቸው ተንበርክከው መቋሚያቸውን ዘረጉላት። ያዘችው። ጎተቷት፣ ራሷም በክርኗ እየዳኸች፣ ማዶ ደረሰች። እኔ እጄን እንኳ አላነሳሁም። ከሁሉ የማፍርበት ደግሞ ይህ ነው፤ ስትወድቅ መጀመሪያ ያሰብኩት ጸሐፊው ምን ይለኛል የሚለውን ነው።

እንዴት ተሻገርኩ? ግንዱን እንደ በቅሎ ተፈናጥጬ፣ ዓይኔን ጨፍኜ፣ በመቀመጫዬ እየተጎተትኩ። ቄሱ ወደ ሌላ ዘወር ብለው ቆዩኝ። ጨዋ ሰው ናቸው።

ቤተ ክርስቲያኗ ከአለት የተፈለፈለች ናት፤ ደጇ ላይ እንደ ሰገነት ያለ ሜዳ አላት። ቄሱ ቁልፉን አውጥተው ከፈቱ፣ ጸሎት አደረሱ፣ የሴትዮዋን የተላጠ እግር በጸበል አጠቡላት። ከዚያ ስንወጣ የአበርገሌ ቆላ እስከ ተከዜ ወንዝ ድረስ ከእግራችን ሥር ተዘረጋ ይላሉ። ይላሉ የምለው እኔ ስላላየሁት ነው። ፊቴን ወደ ግድግዳው አዙሬ ነበር የቆምኩት። ቄሱ ይህ እንዲህ ይባላል፣ ያ እንዲህ ይባላል ይላሉ፤ እኔ ሳላይ እተረጉማለሁ። እሷ የሰማያዊውን ተራራ ፎቶግራፍ አውጥታ ከፊት ለፊቷ ካለው ጋር አስተያየች፤ ወንድምና እህት ናቸው አለች። ልትጽፍ ፈልጋ እርሳሱን መያዝ አቃታት። እየደጋገመች አመሰገነችኝ። ያ ምስጋና እንደ ሚጥሚጣ ነው ያቃጠለኝ። ግን እውነቱን ልናገር፣ ከጸጸቱ ይልቅ ልቤን የያዘው መመለሻው ነበር። እነዚያ ግንዶች አሁንም እዚያው ናቸው።

ተነሳን። ቄሱ በሩን ሊቆልፉ ከኋላ ቀሩ። ግንዶቹ ጋ ስንደርስ ሴትዮዋ ወደ አለቱ ተጠግታ መንገዱን ለቀቀችልኝ። አንገቷን ዝቅ አደረገች፣ ደብተሯን ሳታይ፣ በአማርኛ ተናገረች።

«ይቅደሙ።»

ቄሱ ከኋላችን ደርሰው ሰሙ፤ እሰይ፣ ሥርዓት ገባት ብለው ደስ አላቸው። እኔ ቆሜ ቀረሁ። ፊቷን አየሁት። ማሾፍ የለበትም፤ የሰጠኋትን ክብር እየመለሰችልኝ ነው። እንግዳ ነዎት፣ እርስዎ ይቅደሙ ልላት እችል ነበር። ቃሉ አፌ ላይ መጥቶ ነበር፤ ትቀድመኝ እንደነበርም አውቃለሁ። በዚያ እጇ፣ በዚያ እግሯ።

«ጠዋት የነገርኩሽ ሥርዓት እውነት ነው» አልኳት። እንግሊዝኛዬ ተመልሶልኛል። «ያልኩት ግን ለሥርዓቱ ብዬ አይደለም። ፈርቼ ነው።»

ቀስ ብላ መለሰችልኝ። «እኔም ፈርቼ ነበር። እምቢ ልል ነበር። ሥርዓታችሁን እንዳልንቅ ብዬ ነው የሄድኩት።»

ቄሱ ምን ትላለች አሉኝ። ያን ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ሳልጨምር ሳልቀንስ ተረጎምኩ፤ የእኔንም የእሷንም። እርግማን ጠበቅሁ። መቋሚያቸውን ወደ ግንዶቹ ዘረጉ።

«ልጄ፣ እንግዳ ይቅደም የተባለው ማዕድ ላይና በር ላይ ነው» አሉኝ። «ገደል ላይ ባለ አገር ነው የሚቀድመው። ሂድ።»

ሄድኩ። በመቀመጫዬ አይደለም፣ ቆሜ። ደፈርኩ አልልም፤ ፍርሃቱ ከጠዋቱ ብሶ ነበር፣ ጥርሴ ይንቀጫቀጫል። ወደዚያ ስንሄድ ቀኝ የነበረው አሁን ግራ ሆኗል፤ ያንን ለራሴ ሦስት ጊዜ ነገርኩት። በአለቱ በኩል ያለውን ግንድ ረገጥኩ። አንድ። ሁለት። ሦስተኛው ላይ ነፋስ መጣና ኮቴን አነሳው፤ ነፍሴ ልትወጣ ነበር። አራት። መሬት ረገጥኩና ሳልቀመጥ ዞርኩ፤ ብቀመጥ የምነሳ አይመስለኝም ነበር። እጄን ዘረጋሁና እግሯን የምታሳርፍበትን እየጠራሁ፣ በግራ፣ አሁንም በግራ፣ ወደ አለቱ ተጠጊ እያልኩ አሻገርኳት። እጄን ስትይዘው የእሷም የእኔም በላብ ርሷል።

ሰቆጣ ስንደርስ ፀሐይ አልጠለቀችም። ጸሐፊው ከጽሕፈት ቤቱ ደጅ ቆሞ ሲጠብቀን ነበር። እንዴት ዋልሽ፣ ይህ ልጅ በደንብ አስተናገደሽ ወይ ብለህ ጠይቅልኝ አለኝ። ጠየቅኋት። ፊቷ በራ፣ ትከሻዬን ያዘችና በአንዲት ዓረፍተ ነገር መለሰች። ቃሏን ልለውጥ እችል ነበር፤ ከእኔ ሌላ እንግሊዝኛ የሚሰማ የለም።

«ገደሉ ላይ ቀደመኝ ትላለች» አልኩት።

የጸሐፊው ፊት ጠቆረ። ወደ ጆሮዬ ተጠጋ። «ከእንግዳ ቀድመህ ሄድክ? አሳዳጊ የለህም እንዴ?» አለኝ። ባለቤቴ የምትለኝን እሱ ነው መጀመሪያ ያለኝ። ከዚያ ቀን ወዲህ «እርስዎ ይቅደሙ» የሚለው ቃል ከአፌ ወጥቶ አያውቅም።

«አዎ፣ ቀድሜ ሄድኩ» አልኩት።