«ለበጎ ነው» ያሉ አፎች

ባለፈው ሳምንት ደሴ ገበያ መሃል ሳልፍ የበሰለ ዘይቱን ሸተተኝ። ሌላውን ሰው ምራቅ የሚያስውጠው ሽታ እኔን ያቅለሸልሸኛል። አፍንጫዬን በሻሼ ጫፍ ይዤ እግሬን አፈጠንኩ። አብራኝ የነበረችው የክፍሌ ልጅ የመርሳ ልጅ ሆኖ ፍራፍሬ የሚጸየፍ አይታ እንደማታውቅ ነግራኝ ሳቀችብኝ። እኔ ደግሞ የምጸየፈው የመርሳ ልጅ ስለሆንኩ ነው። ይህን ግን ገበያ መሃል ቆሞ ማስረዳት አይቻልም።

ልጅ እያለሁ መርሳ ሌላ ሽታ አልነበራትም። ወደ ወልዲያ የሚወጣውም፣ ከወልዲያ የሚወርደውም መኪና እኛ ጋ ሲደርስ ይቆማል። እማዬ ከአስፋልቱ ዳር በሳፋ ማንጎና ፓፓያ፣ በክረምት መውጫ ደግሞ ዘይቱን ትሸጥ ነበር። እኔና መሲ የምንላት ታላቅ እህቴ መሠረት ከትምህርት ቤት ስንመለስ ደብተራችንን ቤት ወርውረን ከሚኒባስ መስኮት መስኮት እንሯሯጣለን። ከሰል የሚጭኑ የሐራ ነጋዴዎች፣ የሲሪንቃ እርሻ ምርምር ሠራተኞች፣ የማናውቃቸው መንገደኞች፣ ሁሉም ከመሲ መግዛት ይወዱ ነበር፤ ስትጣራ ዜማ አላት። ራሷ ግን ማንጎ እንደልቧ አትበላም። ከትንሽነቷ ጀምሮ ስኳር ነበረባት። ጠዋትና ማታ ሆዷ ላይ ኢንሱሊን ትወጋለች። የመርፌውን ክዳን በጥርሷ ነክሳ መዝሙር ስታንጎራጉር እኔ ዓይኔን እጨፍናለሁ፤ ትስቅብኛለች።

እሑድ እሑድ ሰንበት ትምህርት ቤት የሚያስተምሩን የእማዬ ታላቅ ወንድም፣ ጋሼ አስረስ ነበሩ። መከራ ለምን እንደሚመጣ ያስጠኑን እሳቸው ናቸው። ወይ ለኃጢአት ቅጣት፣ ወይ ለእምነት መፈተኛ፣ ወይ ለጽድቅ አክሊል። በቃላችን ደጋግመን ስንወጣው ከረሜላ ያድሉናል፤ «ሁሉም ለበጎ ነው» ብለው ይዘጋሉ። እጄን ቀድሜ የማወጣው እኔ ነበርኩ። አንድ ቀን መሲ ተነስታ፣ «እኔን ስኳር የያዘኝ በየትኛው ነው?» አለቻቸው። ልጆቹ ሳቁ። እሳቸው ግን አልሳቁም፤ እግዚአብሔር የመረጣትን መጠየቅ እንደማይገባ ነግረው አስቀመጧት። ወደ ቤት ስንመለስ ከአፏ የወጣው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ባልመረጠኝ አለች።

የንስሐ አባታችን አባ ተክሌ ሌላ ዓይነት ሰው ነበሩ። ብዙ አይናገሩም። በፍልሰታ ሁላችንም እስከ ቅዳሴ መውጫ ስንጾም መሲ እንደ ልጆቹ ካልጾምኩ ብላ አለቀሰች። አባ ተክሌ እንድትበላና መርፌዋን በሰዓቱ እንድትወጋ አዘዟት፤ ያዘዙትን ካፈረሰች ንስሐ እንደሚሰጧትም ነገሯት። ከዚያ ወዲያ ጾም በገባ ቁጥር ቤታችን ቁርስ የሚበላው በትእዛዝ ነው እያልን እንስቅ ነበር።

መሲ አሥራ ሁለተኛ ክፍልን ልትጨርስ በምትዘጋጅበት ክረምት ጦርነቱ ከወልዲያ ወደ እኛ ወረደ። አባዬ የጭነት መኪና ሾፌር ነበር፤ ጭነት ይዞ አዲስ አበባ እንደገባ መንገዱ ተዘጋ። ስልክ ጠፋ፣ መብራት ጠፋ። ጤና ጣቢያው ተዘረፈ። እማዬ መድኃኒት ፍለጋ ሄዳ ይዛ የተመለሰችው ወሬ እስከ ዛሬ ይቀፈኛል። ታጣቂዎቹ ፍሪጁን ወስደዋል፤ አልጋውን ወስደዋል፤ ሊወስዱት ያልፈለጉትን መሬት ላይ ከስክሰው በጫማቸው ረግጠውታል፤ የመድኃኒቱ ክፍል ጥግ ላይ ደግሞ ሰው ተጸዳድቶበታል። ይህን ሁሉ ስትነግረን እጇን እየደጋገመች በቀሚሷ ትጠርግ ነበር።

ቤት የቀረንን ኢንሱሊን እማዬ ውሃ በያዘ ማሰሮ ውስጥ አቀዘቀዘችው። መሲ እያሳነሰች መውጋት ጀመረች፤ ምግብም እያሳነሰች። ጎረቤታችን እትዬ ዘሀራ ሐራ ያሉ ዘመዶቻቸው ቤት ስኳር ያለበት ሽማግሌ አለ ብለው በእግራቸው ሄዱ። በእርጥብ ጨርቅ የጠቀለሉትን ብልቃጥ ብብታቸው ውስጥ ይዘው ሲመለሱ ከንፈራቸው በጥም ተሰነጣጥቆ ነበር። አላህ ያግራው ብለው ሰጡን። ሙቀት አበላሽቶት ነው መሰለኝ አልሠራም።

መኪና የማያልፍበት አስፋልት ዳር ፍራፍሬው ክምር ክምሩን ይበሰብስ ጀመር። የሚገዛ የለም፤ የሚያነሳውም የለም። የዘይቱኑ ጭማቂ ወደ ቦዩ ይወርዳል፤ ዝንቡ እንደ ጥቁር ጨርቅ ይነሳና ይተኛል። በር ብንዘጋም ያ ጣፋጭ ግማት ይገባል። ከዚያ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ የመሲን ትራስ ላስተካክል ጎንበስ ስል ያው ሽታ ከትንፋሿ መጣ። የበሰበሰ ፍራፍሬ። ከውጭ የገባ መስሎኝ መስኮቱን አየሁ። ኢንሱሊን ያጣ ሰው እንደዚያ እንደሚሸት ያወቅኩት ኋላ፣ ስማር ነው። ታስመልሳለች፣ ውሃ ትለምናለች፣ መልሳ ታስመልሳለች።

ጋሼ አስረስ በየቀኑ ይመጡ ነበር። ውሃ አይቀዱም፣ የምታስመልስበትን ሳህን አይደፉም። ከራስጌዋ ቆመው ያስተምራሉ። እግዚአብሔር የሚወደውን እንደሚቀጣ፣ አገሩ ስለበደለ ይህ እንደመጣ፣ እማዬም ልቧን እንድትመረምር። መሲ ዓይኗን ገልጣ፣ «ጋሼ፣ ውሃ ያቀብሉኝ» አለቻቸው። ንግግራቸውን ሳይጨርሱ አላቀበሏትም። በማግስቱ ጠዋት እህቴ ሞተች። ተኩስ ስለነበረ በጥቂት ሰው፣ ያለ ድንኳን፣ ያለ ለቅሶ ቀበርናት።

መንገዱ የተከፈተው ከስንት ወር በኋላ ነው። አባዬ ከመጀመሪያዎቹ መኪኖች በአንዱ ተሳፍሮ መጣ። አቧራ ለብሶ፣ በሁለት እጁ በረዶ የተሞላ ቴርሞስ ታቅፎ። መድኃኒቱን ከአዲስ አበባ ጀምሮ ጭኑ ላይ ነው ያመጣው፤ በየደረሰበት በረዶ እየለመነ። በሩ ላይ ቆሞ «መሲን ጥሩልኝ» አለ። እማዬ አፏን ያዘች። ሌላ መርዶ አላስፈለገውም።

ያን ዕለት የቀረውን ለቅሶ ተቀመጥን። አባዬ ደጃፉ ላይ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ ቴርሞሱን አልለቅም አለ። ጎረቤቱ ተሰበሰበ፤ አባ ተክሌም መጡ። ጋሼ አስረስ ጋቢያቸውን አስተካክለው ተነሱ። «እንዲህ አትሁን። እነዚያ ሰዎች በየቤቱ በሴት ልጆች ላይ የሠሩትን ሰምተሃል። ጌታ ክብሯ ሳይነካ ወሰዳት። ሁሉም ለበጎ ነው» አሉት።

ከተቀመጡት ውስጥ ራሳቸውን የነቀነቁ ነበሩ። እኔ አፋቸውን ነበር የማየው፤ ሲከፈትና ሲዘጋ። እነሱ ከሚያደርጉባት እግዚአብሔር በጥማት ገድሎ አዳናት ማለታቸው ነው። ጓሮ ሮጬ አስመለስኩ። አፌን ጠርጌ ስመለስ ጋሼ አስረስ አባ ተክሌን ምስክር አድርገው ቃል ተናገሩ እያሏቸው ነበር።

አባ ተክሌ መለሱላቸው። «እኔ አላውቅም አስረስ። እህልም ጤና ጣቢያም የዘረፈው ሰው ነው። የሰውን ሥራ ለእግዚአብሔር አታሸክመው። ጌታ እንኳ ወዳጁ መቃብር ሲደርስ አለቀሰ እንጂ ምክንያት አልዘረዘረም» አሉ። ከዚያ አባዬ እግር ስር መሬት ላይ ተቀመጡ፤ ፊታቸውን በነጠላቸው ሸፍነው ትከሻቸው እስኪንቀጠቀጥ አለቀሱ። ስንቱን እንደዚያ ሳያለቅሱለት ቀብረው ነበር መሰለኝ፣ ቶሎ አልቆመላቸውም።

እማዬ ተነሳች። ታላቅ ወንድሟን ፊት ለፊት ቀና ብላ ስትናገራቸው ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው።

«ወንድምዓለም፣ እስካሁን በዝምታ ሰምቼዎታለሁ። እኔ ዛሬም የምለምነው እሱኑ ነው፤ ሌላ የለኝም። አንቱ ግን አምላኬን ሌባ አያድርጉብኝ።»

ጋሼ አስረስ ጋቢያቸውን ሰበሰቡ። ዱላቸውን ይዘው ሄዱ። እትዬ ዘሀራ አባዬ አጠገብ ተቀምጠው ቴርሞሱን ቀስ አድርገው ከእጁ ወሰዱት፤ የሐራው ሽማግሌ አሁንም በሕይወት እንዳለ በጆሮው ነገሩት። በማግስቱ አባዬ ራሱ አድርሶለት መጣ።

አሁን ደሴ ውስጥ ነርስነት እማራለሁ። ልጅ እያለሁ ለመከራ ሦስት መልስ በቃሌ አውቅ ነበር፤ ከረሜላም በልቼበታለሁ። ዛሬ አንድም የለኝም። ቤተ ክርስቲያን አልቀረሁም፤ ቅዳሴው እስኪያልቅ እቆማለሁ። ሰባኪው ማይኩን ይዞ ጦርነቱ የመጣው በሴቶች አለባበስ ነው፣ በሕዝቡ ትዕቢት ነው እያለ ሲጀምር ግን ያ የጓሮው ማቅለሽለሽ ይነሳብኛል፤ ጫማዬን አድርጌ እወጣለሁ። ሰዎች እምነቴ የላላ ይመስላቸዋል። የሚያንገሸግሸኝ እሱ አይደለም፤ በስሙ የሚያብራሩልኝ ናቸው።

ያኔ ጸሎቴ ረጅም ነበር፤ ይህን ስጠኝ፣ ይህን አድርግልኝ። አሁን አጭር ነው። መሲ ታላቄ ነበረች፤ ዘንድሮ በዕድሜ አለፍኳት። ማታ ማታ ለእግዚአብሔር የምነግረው ይህንኑ ነው፤ ታላቄን ቀደምኳት እለዋለሁ። እሱም ዝም ይላል፣ እኔም ዝም እላለሁ፤ የእሱ ዝምታ ከጋሼ አስረስ መልስ ይሻለኛል።