ከካርዱ ጋር የሄደው ከዘራ

ሥራዬን ለሰው ማስረዳት ይከብደኛል። እናቴ ለጎረቤት «ሆስፒታል ነው የምትሠራው» ብላ ትጀምርና፣ «ሐኪም ናት እንዴ?» ሲሏት «ኧረ የለም፣ ለበሽታ ቁጥር ትሰጣለች» ትላለች። አልተሳሳተችም። ሆሳዕና ውስጥ ባለ ሆስፒታል ካርድ ክፍል ነኝ። ሐኪሙ ካርዱ ላይ የጻፈውን በሽታ አነብና ኮዱን ፈልጌ ኮምፒውተር ውስጥ አስገባለሁ። ወባ የራሱ ኮድ አለው፣ ታይፎይድም አለው፣ ከባጃጅ መውደቅ እንኳ አልቀረበትም።

እኔን የሚገርመኝ የስብራቱ ነው። አዲስ የተሰበረ የጉልበት ሎሚ ጉዳት ከሚባሉት ጋር ይመዘገባል። ወራት አልፈውት አልገጥም ካለ ግን ከዚያ ይወጣና ከአጥንትና ከጡንቻ ሕመሞች መሀል ይገባል። እንዲያ ሲሆን ነው ሪፈር የሚጻፈው፣ ጤና መድኑም ወጪውን የሚሸፍነው። ታዲያ ይህን ኮድ እኔ እንዳሻኝ አልሰጥም፤ ሐኪሙ «አልገጠመም» ብሎ መጻፍ አለበት። ሐኪሙ ደግሞ በቀን ስንት ሰው እያየ፣ አሞኛል ያላለውን ሰው ጉልበት ለምን ብሎ ይነካካል? የእኛ አገር ሰው ደግሞ አሞኛል አይልም!

«እንዴት ነህ?» ከተባለ መልሱ የታወቀ ነው። ክርስቲያኑ «እግዚአብሔር ይመስገን» ይላል፣ ሙስሊሙ «አልሐምዱሊላህ»። እናቴ ወባ ይዟት በሁለት ብርድ ልብስ ውስጥ እየተንቀጠቀጠች፣ ሊጠይቋት ለመጡት ሁሉ «ተመስገን፣ ደህና ነኝ፣ እናንተ እንዴት ናችሁ?» ስትል ሰምቻታለሁ። እኔ በተፈጥሮዬ ቶሎ የምቆጣ ነኝ፤ ይህ ነገር ደሜን ያፈላዋል።

ከሁሉም ያስቸገሩኝ ግን አንድ የእህል ነጋዴ ናቸው። ከሀቢቾ ስንዴ እያመጡ ሆሳዕና ገበያ የሚሸጡ፣ ቀልድ የማይጠፋቸው አዛውንት። ከአይሱዙ ላይ ጆንያ ሲያወርዱ ወድቀው የጉልበታቸው ሎሚ ተሰበረ፣ ጄሶ ታሰረላቸው፣ ጄሶው ተፈታ። ከዚያ በኋላ ለክትትል ይመላለሱ ጀመር። በመጡ ቁጥር መጀመሪያ የሚቆሙት እኔ መስኮት ጋ ነው። በሀዲይሳ ቋንቋ ስለ ዝናቡም ስለ ገበያውም እናወራለን። ተራቸው ሲደርስ ከዘራቸውን በመስኮቱ ያቀብሉኝና ግድግዳውን በእጃቸው እየዳበሱ ወደ ሐኪሙ ይሄዳሉ።

«አባባ፣ ከዘራውን ለምን ይተዉታል?» አልኳቸው አንድ ቀን።

«ውይ ልጄ! ያ ዶክተር ስንት ደክሞ አክሞኝ፣ ከዘራ ተመርኩዤ ፊቱ ብቆም አላዳንከኝም ማለት አይደለም እንዴ? ነውር ነው።»

ሐኪሙ «እንዴት ነዎት አባባ?» ይላቸዋል። እሳቸው «አልሐምዱሊላህ!» ይላሉ። ካርዱ «በጥሩ ሁኔታ ላይ ናቸው፣ ሕመም የለም» ተብሎ እኔ ጋ ይመለሳል። እኔም ጥርሴን ነክሼ የዳነ ስብራት ብዬ አስገባለሁ። እሳቸው ከዘራቸውን ከእጄ ተቀብለው፣ አመስግነውኝ፣ እያነከሱ ወደ ባጃጁ ይሄዳሉ።

ይህ ሁሉ ሲሆን የሚያስጨንቃቸው ገበያው አልነበረም። ጆንያውን ልጆቻቸው ያነሱላቸዋል። ጭንቀታቸው ሶላት ነበር። ለመስገድ ዝቅ ሲሉ ጉልበታቸው ይከዳቸዋል። ስለዚህ መስጊድ ውስጥ ከሰልፉ ጥግ የፕላስቲክ ወንበር ተሰጣቸው። «ሁሉም ይወርዳል» አሉኝ አንድ ጠዋት፣ ፈገግ እንዳሉ። «እኔ ብቻ ወንበር ላይ ተቀምጬ የሰው ጀርባ አያለሁ። ልጄ፣ ግንባሬ መሬት ሳይነካ እንዳልሞት ነው የምፈራው።» የምፈልገው ካርድ ሳይኖር ወደ መደርደሪያው ዞሬ ካርድ የምፈልግ መሰልኩ።

«ታዲያ ይህን ለዶክተሩ ይንገሩት! በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም» አልኳቸው።

«ዝም አይነቅዝም» አሉኝ፣ እንደ እህል ነጋዴነታቸው።

«አጥንት ግን ይነቅዛል!»

ሳቁ። ከልባቸው ሳቁ፤ ለዶክተሩ ግን አልነገሩትም። በሚቀጥለው ቀጠሮ ከዘራውን እንደልማዳቸው አቀበሉኝ። እኔ ግን የዚያን ቀን ትዕግሥቴ አለቀ። ካርዱን በአንድ እጄ፣ ከዘራውን በሌላው ይዤ፣ እሳቸውን ቀድሜ ሐኪሙ ጋ ገባሁና ሁለቱንም ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩ።

«ይኼ ምንድን ነው?» አለ ሐኪሙ።

«የእኚያ የእህል ነጋዴ ነው፣ ዶክተር። በመጡ ቁጥር እኔ ጋ እያስቀመጡት ነው የሚገቡት። ኮድ ፈልጌ አጣሁለት።»

ከዘራውን አነሳና ጫፉን አየው። ጎማው በልቶ አልቋል። መጀመሪያ ሳቀ፣ ቀጥሎ ሳቁን አቆመና ካርዱን ወደኋላ እየገለጠ አነበበ፤ «አስገቢያቸው» አለኝ።

አዛውንቱ ገቡ። ዓይናቸው ጠረጴዛው ላይ አረፈ፣ ከዚያ እኔ ላይ። «አንቺ ልጅ! ጉድ ሠራሽኝ!» አሉ በሀዲይሳ። ወዲያው ወደ ሐኪሙ ዞረው በአማርኛ ይቅርታ ይጠይቁ ጀመር። «ዶክተር፣ አንተ ምንም አላጠፋህም። በደንብ ነው ያከምከኝ። ይኼ ጉልበት ነው አልታዘዝ ያለው።»

«አባባ፣ ይኼ የማንም ጥፋት አይደለም፤ አጥንት አንዳንዴ እንዲህ ያደርጋል» አላቸው። «እስቲ አልጋው ላይ ይውጡና እግርዎን ቀጥ አድርገው ያንሱልኝ።»

ሞከሩ። ፊታቸው ላይ ላብ ችፍ አለ እንጂ እግራቸው አልተነሳም። ሐኪሙ ሎሚውን በጣቱ ሲዳብስ መሀሉ ላይ ጣቱ ሰመጠ። ራጅ ታዘዘ። ፊልሙ ሲመጣ ሎሚው ለሁለት እንደተከፈለ ነበር፤ ሁለቱ ቁራጮች እንደተኳረፉ ጎረቤቶች ተራርቀው ተቀምጠዋል።

ከሰዓት በኋላ ካርዱ ሲመለስልኝ «ያልገጠመ የጉልበት ሎሚ ስብራት፣ ለቀዶ ሕክምና ሪፈር» የሚል ተጽፎበታል። ኮዱን መታሁት። በሰው ሕመም ደስ ሲለኝ ያ የመጀመሪያዬ ነው። አጠገቤ የምትሠራው ልጅ «ምን ሆነሽ ነው? ሎተሪ ወጣልሽ እንዴ?» ብላ ሳቀችብኝ።

ሐኪሙ ግን ቀድሞ አስጠንቅቋቸዋል። አጥንቱ በሽቦ ይታሰራል፣ ይገጥማል ብለን ተስፋ እናደርጋለን፣ መንበርከኩን ግን ቃል አልገባም ብሏቸዋል። ወደ አዲስ አበባ ሲሄዱ መናኸሪያ ሄጄ ሸኘኋቸው። የሸኛቸው ዘመድ ብዛት አውቶብሱን ሊሞላ ምንም አልቀረው። ባለቤታቸው አብረዋቸው ሊሄዱ አንድ እግራቸውን ደረጃው ላይ አድርገው እኔን ይመርቁኛል፤ እሳቸው በመስኮት አንገታቸውን አውጥተው «ካልዳንኩ የምከሰው አንቺን ነው!» እያሉ ይጮኹብኛል። ደላላው ሳይቀር ሳቀ። እኔም ሳቅሁ፣ ቤቴ ስገባ ግን ፈራሁ። ባይሆንስ? እኔ ነኝ እኮ ከወንበራቸው አስነስቼ ቢላ ሥር የላክኋቸው። በዚያ ሳምንት ቅዳሴ ላይ ስንበረከክ ስለ እሳቸው ጸለይኩ። ጉልበቴ ያለ አንዳች ችግር መታጠፉም የዚያን ቀን ታወቀኝ።

ተመለሱ። እግራቸውን ማለማመድ ብዙ ጊዜ ወሰደ። በዚህ መሀል ግን አንድ ጉድ መጣ፤ ሰውዬው መናገር ለመዱ! ሐኪሙ «እንዴት ነዎት?» ሲላቸው «አልሐምዱሊላህ» ይሉና ይቀጥላሉ፤ ጠዋት እዚህ ጋ ይወጋኛል፣ ማታ እዚያ ጋ ይጎትተኛል፣ ሽቦው ብርድ ሲሆን ይሰማኛል። ሐኪሙ እኔ ጋ መጥቶ «ምን አድርገሽ ነው የለቀቅሽብኝ?» አለኝ። መስገጃው ግን አሁንም ያው ወንበር ነበር። ዝቅ ለማለት ይሞክሩና፣ መሀል ላይ ሲደርሱ ፈርተው ይነሳሉ። ይህን የሰማሁት ከልጆቻቸው ነው፤ እሳቸውን አልጠየቅኋቸውም።

አንድ ዓርብ ከጁምዓ በኋላ፣ ቀጠሮ ሳይኖራቸው መስኮቴ ጋ መጡ። መስጊዱ ሞልቶ ውጭ ሣሩ ላይ እንደሰገዱ ነገሩኝ። ከዚያ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አስጠጉ። ቀና ብዬ አየኋቸው። ግንባራቸው መሀል ላይ እርጥብ ቀይ አፈር ተለጥፏል፣ አንዲት የሣር ቅጠልም አብራ አለች።

ማልቀሴን እንዳያዩ ሶፍት መዝዤ በመስኮቱ ሰጠኋቸው። «አባባ፣ ግንባርዎ ላይ አፈር አለ፤ ይጥረጉት።»

ሶፍቱን መልሰው እጄ ውስጥ አደረጉት።

«ለራስሽ ያዢው፣ ልጄ» አሉኝ። «ይኼ ባለቤቴ ሳታየው አይጠረግም።»