በዱባው ላይ የተቀሰረች ጣት

ልጅ ሳላችሁ «ዱባ በጣት ከተጠቆመ ይበሰብሳል» ሲሏችሁ፣ እውነት ይሆን እንዴ ብላችሁ አታውቁም?

የሣልኩትን የልጆች መጽሐፍ ዛሬ መካኒሳ አቦ ለሚኖሩት ጎረቤታችን ለእማማ ጫልቱ አሳየኋቸው። ዱባ በሰኔ ተዘርቶ በጥቅምት እስኪቆረጥ ያለውን የሚያሳይ ነው። (ተመርቄ ሥራ ስጠብቅ ዱባ ስሥል ከረምኩ!)

አንዲት ልጅ ዱባዎቹን እየጠቆመች የምትቆጥርበት ገጽ ላይ ሲደርሱ፣ የልጅቷን ጣት በመዳፋቸው ሸፈኑት።

«በሃምሳዎቹ፣ በጃንሆይ ጊዜ፣ ይሄ ሰፈር ማሳችን ነበር» አሉኝ። «አንድ ክረምት ዱባው ሁሉ በሰበሰ። አባቴ ‹ማነው የጠቆመው?› ሲል፣ ‹ብርቄ ናት› አልኩ። ታናሽ እህቴን። ተቆጥቶ አክስታችን ዘንድ ሰደዳት። እዚያው ታማ ሞተች።»

«እማማ፣ ያበሰበሰው እኮ ዝናቡ ነው።»

«እሱንማ መች አጣሁት! የተማርሽው አንቺ ብቻ መሰለሽ? የጠቆምኩት ግን እኔ ነበርኩ።»

ስወጣ «ጣቷን እጠፊላት» አሉኝ።

መጽሐፉ ነገ ማተሚያ ቤት ይገባል። እንዳሉኝ ሥዕሉ ላይ ጣቷን አጠፍኩላት። እጇን ስትሰበስብ ግን ልጅቷ ጥፋተኛ መሰለች። መልሼ ዘረጋሁላት፤ አሁንም እያየችኝ ነው።

እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? በናንተስ ቤት በልጅ ላይ የተላከከ ጥፋት ነበር? እስኪ ጻፉልኝ።