የመንገዱ ገንቦ

የእናቴ ገንቦ አፉ ተሸርፏል። ከሚሴ ወዳለው ቤቴ ሳመጣው ልጆቼ «ይሄን ደግሞ ምን ልታደርጊው ነው?» ብለው ሳቁብኝ። እነሱ ምን ያውቃሉ! የልጅነቴን ጉልበት የበላው ይኸው ገንቦ ነው።

ልጅ እያለሁ ቤታችን ጨፋ ውስጥ፣ ወደ ሰንበቴ ገበያ የሚወስደው መንገድ ዳር ነበር። በገበያ ቀን እናቴ ገንቦውን ከግራሩ ጥላ ሥር ታስቀምጥና ጣሳ ትደፋበታለች። ከቆላ ከብት የሚነዳው፣ ከደጋ እህል ጭኖ የሚወርደው፣ ሁሉም ጎንበስ ብሎ ጠጥቶ ያልፋል። የመንገዱ ገንቦ ሳይሞላ የቤቱ አይሞላም። ሰው ሲጠጣ ቆሞ ማየት ደግሞ ነውር ነበር፤ ጠጪው ይሳቀቃላ።

ውሃ ቀጂዋ እኔ ነበርኩ። አንድ ዓመት ዝናብ ጠፍቶ ምንጩ ጠብ ጠብ ማለት ጀመረ። ከንጋት ጀምሬ ተሰልፌ፣ ቀትር ላይ ግማሽ ጀሪካን ይዤ ተመለስኩ፤ አቧራው ጥርሴ ላይ ይንቀጫቀጫል። እናቴ ለእኔ አንድ ጣሳ ሰጥታኝ ቀሪውን ይዛ ወደ ግራሩ አመራች። ቀሚሷን ይዤ አለቀስኩ።

«እማ፣ በአላህ! ዛሬ እንኳ ለኛ ይሁን!»

«ያ ኢንተላ፣ ልጄ፣» አለችኝ ሳትቆጣ፣ «እኛ ቢጠማን የጎረቤት በር እናንኳኳለን። መንገደኛ የማንን በር ያውቃል?»

ቤት ገብተን በሩን ዘጋን። እኔ ግን በስንጥቁ አሾለቅኩ። ግመል የሚነዱ አንድ የአፋር ሽማግሌ የልጅ ልጃቸውን አጠጡ፤ በተረፈችው የራሳቸውን ጉሮሮ አረጠቡ። ከዚያ ወደ ተዘጋው በራችን ዞረው እጃቸውን ዘረጉ።

«የዚህን ቤት ሰው አላህ አያስጠማው!»

«አሚን፣» አለች እናቴ፣ ጀርባዋን ለበሩ እንደሰጠች፣ ቀስ ብላ። ከንፈሯ ደርቆ ተሰነጣጥቋል። እሷ ጠብታ እንኳ እንዳልቀመሰች ያወቅኩት ያኔ ነው።

እናቴ አምና አረፈች። ዛሬ ግቢዬ ውስጥ ቧንቧ አለ፤ ወረፋ የለ፣ ሸክም የለ። ባለፈው የገበያ ቀን ገንቦውን ሞልቼ ደጄ ላይ አስቀመጥኩ፣ ጣሳም ደፋሁበት፣ እንደ ወጉ ፊቴን አዙሬ ገባሁ። መንገደኛው የታሸገ ውሃውን በእጁ እንዳንጠለጠለ ያልፋል። አንዱማ «ምን እንደገባበት ማን ያውቃል» ሲል ሰማሁት። አልፈርድበትም። ብቻ እናቴ ናፈቀችኝ።

ሲመሽ ወጥቼ ጣሳውን አነሳሁት። ገንቦው እንደሞላ ነው። ልጅ እያለሁ ባዶ ሆኖ ሳገኘው ነበር የማለቅሰው።