የጥፊው ድምፅ

የእህቴ ባል እህቴን በጥፊ ሲመታት እኔ ሳሎን ቁጭ ብዬ የሥራ ጫማዬን አስር ነበር። የከሰዓት ሺፍት ነበረኝ። መጀመሪያ ጥፊው ጮኸ፤ ቀጥሎ ጭንቅላቷ ከፍሪጁ ጎን ካለው ግድግዳ ጋር ተላተመ፤ ከዚያ እሷ ልትጮህ ብላ መልሳ የዋጠችው ትንሽ ድምፅ መጣ። ሮጬ ስገባ ከግራ ጆሮዋ ደም ይወርዳል። ምድጃው ላይ የሽሮ ድስት ተጥዶ ነበር። ከነፍላቱ አንስቼ ክንዱ ላይ ደፋሁበት። እስከ ዛሬ አይቆጨኝም።

ግድግዳው የተጎዳው ያን ቀን ነው። ቀዳዳ አይደለም፣ ስንጥቅም አይደለም። ጭንቅላቷ ያረፈበት ቦታ መዳፍ በምታህል ስፋት ዝም ብሎ ጠፋ። እዚያ ጋ ብርጭቆ ብታስቀምጡ ይወድቃል፤ ሲሰበር ግን አይሰማም፣ ስብርባሪውም አይገኝም። ሰውዬው በጮኸ ቁጥር ደግሞ ይሰፋል። አንድ ጠዋት የሽንኩርት ቢላዋው ከመደርደሪያው ተነሥቶ ወደዚያ ሲሳብ መንገዱ ላይ የእህቴን ክንድ ተልትሎ አለፈ። በፎጣ ጠቅልዬላት እኔ ነኝ የማለቅሰው፤ እሷማ እንባዋ አልቆ ነበር።

ፖሊስ ኮል እናድርግ ብዬ ስንቴ ለመንኳት። ስፖንሰር አድርጎ ወደዚህ አገር ያመጣኝ እሱ ነው፣ ሰው ምን ይላል፣ እናታችን ብትሰማ ትሞታለች፣ እያለች እጄን ትይዛለች። በመጨረሻ ሁለት ሽማግሌዎች መጡ። ነገሩን አዩ፣ ጢማቸውን ዳበሱ፣ ከዚያ ቤቱ ስለታመመ ነው የምትጣሉት አሉ። ድንቄም ሽምግልና! ቤቱን ማን አሳመመው? ግድግዳው ከተጠገነ ትዳሩም ይጠገናል ተባለ፤ እህቴም ግድግዳው ከዳነ እቀመጣለሁ ብላ ቃል ሰጠች። ከተቀመጠች አንድ ቀን ገድሏት እንደማገኛት አውቅ ነበር።

ጠጋኟ ፓርክዴል ሰፈር ልጃቸው ጋ የሚኖሩ አሮጊት ናቸው። የእኛ ሰዎች ቃኚዋ ይሏቸዋል። ከአባታቸው የወረሱት ሙያ ነው፤ በድምፅ የተሰበረ ቦታ በዚያው ድምፅ ይዘጋል። ድምፁን የሚያውቅ ሰው በአፉ ይሰጣቸዋል፤ እሳቸው ተቀብለው እያንጎራጎሩ ያወርዱታል፣ የተኛ ሕፃን አልጋ ላይ እንደሚያስተኛ ሰው ቀስ እያሉ። ታዲያ የሚሰጣቸው ድምፅ ራሱ መሆን አለበት። የተለሳለሰ ከሆነ ቦታው ይቆጣል።

ቅዳሜ ከምሳ በኋላ ሁላችንም ኩሽና ውስጥ ተሰበሰብን። ትልቁ ሽማግሌ መስኮቱን ዘጉ። ከዚያ ፎጣ ጠቅልለው በመግቢያው በር ሥር ወተፉ፤ ኮሪደሩ ላይ ጎረቤት እንዳይሰማ። ቃኚዋንም፣ እማማ፣ የሰው ገመና ነውና ለስለስ አድርገው ይያዙልን አሏቸው። የእህቴ ባል ድምፁን እንዲሰጥ ተጠየቀ። ቀረብ አለና በከንፈሩ «ጧ» አደረገ፤ የቁም ሳጥን በር ሲዘጋ የሚሰማ ዓይነት። ይህችው ናት አለ፣ ዓይኑን ሳያሽ። ውሸታም አልኩት። ሽማግሌው እሳት ላይ ቤንዚን አትጨምሪ ብለው አስቀመጡኝ።

ቃኚዋ የተሰጣቸውን ተቀብለው ማንጎራጎር ጀመሩ። እግዚኦ፣ ያን ቀን ያየሁትን! ግድግዳው አገሳ። የመደርደሪያው በሮች ከነማጠፊያቸው ተነቅለው ወጡ፣ ሳህኑ ሁሉ በየፊታችን ተበተነ። ትልቁ ሽማግሌ ግንባራቸው ተተረከከ። ፍሪጁ ተገነደሰና የእህቴን ባል እግር ይዞ ወደቀ፤ አጥንቱ ሲሰበር ሰማሁት። የቃኚዋ ከንፈር ተሰንጥቆ ደሙ በነጠላቸው ላይ ወረደ። ደሙን ጠርገው ቀጥ ብለው ቆሙ።

«በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም» አሉ። «እኔ ቁም ሳጥን ልጠግን አልመጣሁም። እውነተኛውን የሚያውቅ ማን ነው?»

እኔ ልናገር አፌን ስከፍት እህቴ በእጇ አስቆመችኝ። በባዶ እግሯ የሳህኑን ስብርባሪ እየረገጠች ወደ መግቢያው በር ሄደች። ፎጣውን ከሥሩ መዝዛ ጣለች፣ በሩንም ወለል አድርጋ ከፈተችው። ተመልሳ ግድግዳው ፊት ቆመችና ሰጠቻቸው።

ጥፊው ከአፏ ወጣ፣ እንዳለ። የጭንቅላቷ ምት ተከተለ። ሦስተኛው ያ የዋጠችው ነበር፤ አሁን ግን አልዋጠችውም። እንዲህ ያለ ጩኸት ከሰው አንጀት ሊወጣ እንደሚችል አላውቅም ነበር። ኮሪደሩ ላይ በሮች ተከፈቱ፣ ሰው ወጣ፣ አንዲት ጎረቤት ስልኳን ይዛ ሮጠች። ፍሪጁ ሥር የተኛው ሰውዬ ማንም ሳይነካው ፊቱ ወደ ጎን ተወረወረ፤ ጉንጩ ላይ አምስት ጣት ቀልቶ ታተመ። እኔ ደስ አለኝ፣ ምን ልዋሽ።

ቃኚዋ ጩኸቱን ተቀብለው ብዙ አንጎራጎሩ። ሲጨርሱ ግድግዳው ልሙጥ ነጭ ግድግዳ ነበር፣ እንደማንኛውም የሰፈራችን የሬክስዴል ኪራይ ቤት።

ትልቁ ሽማግሌ ግንባራቸውን በመሐረብ እንደያዙ፣ ተመስገን፣ ቤቱ ዳነ፣ እንግዲህ ቃልሽን ጠብቂ አሏት። እህቴ እሳቸውን አላየችም። ቃኚዋን ጆሮዬስ ይድናል ወይ ብላ ጠየቀቻቸው። ግራው ከዚያ ቀን ጀምሮ ምንም አይሰማም፤ እኔን እንኳ ደብቃኝ ኖራ ያን ጊዜ ነው ያወቅኩት።

«ልጄ፣ እኔ የምጠግነው ቦታ ነው። ሥጋ አልጠግንም» አሏት።

እህቴ ካፖርቷን ከመስቀያው አነሣች። «እንግዲያው የዳነው ቤት ለእሱ ይሁን» አለች። «እኔ አልዳንኩም።»

ኮሪደሩ ላይ ስንወጣ ፖሊሶች ከሊፍት እየወረዱ ነበር።

አሁን ኢቶቢኮ ሰፈር ቤዝመንት ተከራይተን አብረን እንኖራለን። ሽማግሌዎቹ ዛሬም ይደውላሉ። ተጸጽቷል፣ እያነከሰ ነው፣ ቤቱ ባዶ ሆኖበታል፣ ይቅር በይው ይሏታል። እህቴ እንደኔ ባለጌ አይደለችም፤ የሽማግሌ ስልክ አትዘጋም። «አቤት አባቴ» ትላለች በትሕትና። ከዚያ ስልኩን ወደ ግራ ጆሮዋ ታዞርና በትከሻዋ ደግፋ ሽንኩርቷን መክተፍ ትቀጥላለች።