የእማዬ መስኮት ይግባኝ

ታላቅ ወንድሜን ጋሼ ነው የምለው። አናጢ ነው። የሰው ቤት በርና መስኮት ሲገጥም የኖረ ሰው፣ የገዛ እናቱን መስኮት በጣውላ ዘግቶ ተቀመጠ። እንደ እሱ ይሉኝታ የያዘው ሰው አይቼ አላውቅም።

እማዬ ዳሌዋ ከተሰበረ ወዲህ ከአልጋ አትወርድም። ሐኪሙ ደግሞ ዓይኗ ቀስ በቀስ እየደከመ እንደሆነ፣ መድኃኒትም እንደሌለው ነገረን። ስለዚህ ጋሼ አልጋዋ አጠገብ ያለውን ግድግዳ ሰብሮ ወደ መንገዱ የሚያሳይ ሰፊ መስኮት ገጠመላት፤ የቀራትን ብርሃን ሰው እያየችበት ትጨርሰው ብሎ። እሷም ለአላፊ አግዳሚው ሁሉ ስም አወጣች። ሱሪው የሚያጥረውን መምህር "ጎርፍ አሻጋሪ" ትለው ነበር።

ደስታችን አልበረከተም። የማዘጋጃ ቤት ተቆጣጣሪዎች መጡና "ያለ ፈቃድ የተከፈተ ነው፤ ይደፈን" አሉ። ጋሼ ለማዘጋጃ ቤቱ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ አቤት አለ። ጉባኤው እስኪወስን ግን ታሽጎ ይቆይ ተባለና ራሱ ጣውላ መታበት።

ከዚያማ ቀጠሮ ብቻ ሆነ። አንዴ አባላቱ አልተሟሉም፣ አንዴ ሰብሳቢው ሥልጠና ሄደዋል፣ አንዴ አዲሱ አባል መዝገቡን ያንብብ። የሰብሳቢውን ቢሮ በር የጠገነላቸው ጋሼ ነው፤ ባዩት ቁጥር ትከሻውን መታ መታ ያደርጉታል።

"አንተማ ቤተኛ ነህ፤ ትንሽ ታገሥ" ይሉታል።

እሱም ደስ ብሎት ይመለሳል! እኔ እበግናለሁ።

"ጋሼ፣ ፍርድ ቤት ሂድ እንጂ።"

"ሰላም የሚሉኝን ሰዎች ልክሰስ? በምን ዓይኔ አያቸዋለሁ?"

"ክሰስ ማን አለህ? ፍርድ ቤቱ ወስኑ ብሎ ያዛቸዋል፤ በቃ።"

"ተይ እስቲ፣ አንቺ ደግሞ። በሚቀጥለው ቀጠሮ ያልቃል።"

ይግባኙ በእሱ ስም ነው፤ ምን ላድርግ? ክረምት አልፎ ክረምት መጣ። እማዬም በዚያ ጨለማ ክፍል ውስጥ ዝምታ አበዛች። መብራት ላብራልሽ ስላት "ምን ሊያደርግልኝ?" ትለኛለች። ያኮረፈች መሰለን።

በመጨረሻ እጁን ይዤ ፍርድ ቤት ጎትቼ ወሰድኩት። ዳኛዋ መዝገቡን ገለጥ ገለጥ አደረጉና የጉባኤውን ተወካይ "እስካሁን ያልወሰናችሁት ለምንድን ነው?" አሉት። በቀጣዩ ቀጠሮ ውሳኔውን ይዘው እንዲቀርቡ አዘዙ። ጉባኤው በሳምንቱ ተቀመጠና በአንድ ስብሰባ ጨረሰው፤ መስኮቱ ማንንም አይጎዳም፣ ይከፈት። ሰብሳቢው እንኳ አልተቀየሙትም፤ እንደ ድሮው ትከሻውን መታ መታ አደረጉት። ይህን ለመስማት ነው ያን ሁሉ ጊዜ የተቀመጥነው? ዛሬም ያንገበግበኛል።

በቀጥታ ወደ ቤት ገሰገስን። ጋሼ ሚስማሩን ነቃቅሎ ጣውላውን አወረደ። እኩለ ቀን ነበር፤ ፀሐይዋ አልጋው ድረስ ገብታ የእማዬ ፊት ላይ አረፈች።

"እማዬ፣ ተፈረደልን! መስኮትሽ ተከፈተ!"

ፊቷን ወደ ነፋሱ መለስ አድርጋ ፈገግ አለች።

"እሰይ የኔ ልጅ፣ ተባረክ! እንግዲህ ሲነጋ አየዋለሁ።"

ጋሼ ጉጠቱን እንደያዘ ደርቆ ቀረ። ወደ እኔ ዞር አለ።

"እሺ እማዬ" አላት፣ "ሲነጋ።"